ያልተጠራ አስለቃሽ

ስለ ዜማ ደራሲው ስለ ሐንስ አይስለር፣ በተማሪዎች ማኅበር የፊልም ክበብ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር



ክበባችን ዛሬ ማታ የሚያሳያችሁ ፊልም ርዝመቱ 32 ደቂቃ ብቻ ነው። ንግግራችንም ከፊልሙ እንዳይረዝም ተጠንቅቀናል። ሆኖም ዓይን ከማየቱ በፊት ጆሮ እንዲሰናዳ ጥቂት ነገር መናገር አስፈላጊ ሆኖ አገኘነው። ልንናገር የተነሣነው ስለ ፊልሙ አዘጋጅ ወይም ሥዕሉን ስላነሣው ሰው አይደለም፤ ስሙ በፊልሙ መጀመሪያ ላይ ለአንድ አፍታ ብልጭ ብሎ ስለሚጠፋው ስለ ዜማ ደራሲው ነው። ይህ ሰው ሐንስ አይስለር ይባላል። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን ከወዲሁ እናስታውቃለን።

ይህን ሰው እንድናጠና ያነሣሣን መጽሐፍ አይደለም፤ የራሳችን ጥፋት ነው። ስለዚህ ከጥፋታችን እንጀምራለን።

ባለፈው ዓመት እኛ አምስት ተማሪዎች ከእንጦጦ የባሕር ዛፍ ቅጠልና ጭራሮ ተሸክመው ወደ ከተማ ስለሚወርዱ ሴቶች አንዲት አጭር ፊልም ሠርተን ነበር። ገንዘብ አልነበረንም፤ ካሜራውም የውሰት ነበር። ሦስት ቅዳሜ ማለዳ ከሴቶቹ ጋር ወጣን፣ ወረድን። ሥዕሎቹን ቆርጠን ከቀጣጠልን በኋላ ግን ፊልሙ ደረቅ መስሎ ታየን። «ስሜት ይጎድለዋል» ተባባልን። ስለዚህ ዋሽንት የሚችለው ጓደኛችን በትዝታ ቅኝት አንድ ረዥም እንጉርጉሮ ነፋልን፤ እኛም ፊልሙን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው ይህን ዜማ አለበስነው። በግቢያችን ስናሳየው ያለቀሱ ነበሩ። እኛም ኮራን።

ከዚያ በኋላ ፊልሙ ለባለቤቶቹ መታየት ይገባዋል ብለን ከተሸካሚዎቹ ወደ አንዲቱ እናት ቤት ሄድን። ጎረቤቶቻቸውም ተሰበሰቡ። እማማ እስከ መጨረሻው ዝም ብለው ተመለከቱና፣ «ልጆቼ፣ ማን ሞቶ ነው?» ብለው ጠየቁን።

መልስ አልነበረንም። እርሳቸውም ቀጠል አድርገው፣ «ያን ዕለት እኮ እየሣቅን ነበር የወረድነው። ደግሞ ስለ ሸክሙ ዋጋ ስንት ነገር ተናግሬ ነበር፤ እሱን የት አደረጋችሁት?» አሉን።

ወደ ግቢ ተመልሰን ዋሽንቱን አጥፍተን ፊልሙን እንደገና አዳመጥነው። እውነታቸውን ነበር። ከዋሽንቱ ሥር ሣቅ ነበረ። ከሣቁም ሌላ፣ ገዢዎች የአንዱን ሸክም ዋጋ እንዴት ዝቅ እንዳደረጉባቸው፣ እርሳቸውና ጓደኞቻቸውም ተማክረው «ከዚህ በታች አንሸጥም» ለማለት ማሰባቸውን ጥርት ባለ አነጋገር ሲያስረዱ ይሰማል። እኛ የሚያስለቅስ ዜማ ስንፈልግ የሰዎቹን አቤቱታ ቀበርነው።

በአገራችን ለቅሶ ቤት አስለቃሽ ትጠራለች። ሥራዋ የተከበረ ነው። ሟቹን ታውቃለች፤ ዘሩንና ሙያውን እየጠቀሰች ታወድሳለች፤ ያልወጣውን እንባ ታወጣለች። ነገር ግን ሰው ወዳልሞተበት ቤት ገብታ ሙሾ ብታወርድ ባለቤቱ ምን ይላታል? የእኛ ዋሽንት ያልተጠራ አስለቃሽ ሆኖ ተገኘ። ጥያቄያችንም ከዚህ ተነሣ። እውነትን አሳያለሁ ብሎ በተነሣ ፊልም ውስጥ ሙዚቃ ሲገባ የሚያገለግለው ማንን ነው? በሥዕሉ ውስጥ ያለውን ሰው ነው ወይስ እንባውን አፍስሶ ቀሎት መሄድ የሚፈልገውን ተመልካች?

ይህን ጥያቄ ከእኛ ብዙ ዘመን ቀደም ብሎ ያነሣውና ዕድሜውን ሙሉ ሲመልሰው የኖረው አይስለር ነው።

አይስለር በ1898 በጀርመን አገር በላይፕሲግ ከተማ ተወለደ፤ ያደገው ግን በቪየና ነው። በአንደኛው የዓለም ጦርነት በኦስትሪያና ሀንጋሪ ሠራዊት ውስጥ ወታደር ሆኖ ዘመተ። ከጦርነቱ ከተመለሰ በኋላ ከ1919 እስከ 1923 ድረስ ከአርኖልድ ሾንበርግ ዘንድ ተማረ። ሾንበርግ የቆየውን የአውሮፓ ቅኝት ሥርዓት ትቶ 12ቱን ድምፆች በእኩልነት የሚያሰልፍ አዲስ የድርሰት ዘዴ ያወጣ ታላቅ መምህር ነው። ደቀ መዝሙሩ ግን ሙዚቃ በጥቂት አዋቂዎች አዳራሽ ተዘግቶ እንዲቀር አልወደደም። በ1925 ወደ በርሊን ሄዶ ለሠራተኞች ማኅበራት መዘምራን ዜማ ይደርስ ጀመር። ከባለቅኔው ከቤርቶልት ብሬሽት ጋርም የሥራ ጓደኛ ሆነ።

በ1932 ከብሬሽትና ከአዘጋጁ ከስላታን ዱዶቭ ጋር «ኩሌ ቫምፔ» የተባለውን ፊልም ሠራ። ታሪኩ የተደረሰ ስለሆነ ይህ ፊልም ፍጹም ዘጋቢ ፊልም አይባልም። ይሁን እንጂ የበርሊንን ሥራ አጦችና ሰፈራቸውን እንዳሉ የሚያሳዩ ክፍሎች አሉት። በአንድ ስፍራ ያረጁ ቤቶች፣ የተላላጡ ግድግዳዎችና ጠባብ ግቢዎች ይታያሉ። ሌላ ደራሲ ቢሆን እዚህ ላይ ቀስ ያለ የኀዘን ዜማ ባስገባ ነበር። አይስለር ግን ፈጣን፣ ስለታምና የማይለማመጥ ሙዚቃ አስገባ። ምክንያቱን ከጊዜ በኋላ በጻፈው መጽሐፍ አስረድቷል፤ አሳቡ በእኛ አነጋገር ሲገለጽ እንዲህ ነው። ሥዕሉ ራሱ ያሳዝናል። ዜማውም አብሮ ካለቀሰ ተመልካቹ አዝኖ፣ በማዘኑም ራሱን ደግ ሰው አድርጎ ቆጥሮ ወደ ቤቱ ይሄዳል። ሥዕሉና ዜማው ሲጋጩ ግን ይደነግጣል፤ ከድንጋጤውም «ይህ ለምን እንዲህ ሆነ?» የሚል ጥያቄ ይወለዳል። ፊልሙን መንግሥት መጀመሪያ ከለከለው፤ ጥቂት ክፍሎች ከተቆረጡ በኋላ ለቀቀው። በ1933 ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ፈጽሞ አገዱት።

ይህን ስናነብ አምስታችንም እርስ በርሳችን ተያየን።

በእነዚያው ዓመታት አይስለር ከኔዘርላንዱ የዘጋቢ ፊልም አዘጋጅ ከዮሪስ ኢቨንስ ጋር ተገናኘ። ከሁለቱ ሥራዎች ይልቅ የወደድነው በ1933 የተሠራው «አዲስ መሬት» የተባለው ነው። የኔዘርላንድ ሕዝብ ዙይደርዜ የተባለውን የባሕር ወሽመጥ በታላቅ ግድብ ዘግቶ ከባሕር ውስጥ የእርሻ መሬት ለማውጣት ብዙ ደከመ፤ ግድቡም በ1932 ተዘጋ። ኢቨንስ ያን የመጨረሻ ትግል ሲያነሣ ሦስት ካሜራዎች አቆመ፤ አንዱ ለመሬቱ፣ አንዱ ለባሕሩ፣ አንዱ ለማሽኑ ወገን ሆኖ እንዲያይ። የአይስለር ሙዚቃም ከሠራተኛው ክንድና ከማሽኑ ጋር እየተራመደ ይሄዳል። ተመልካቹ ግድቡ ሲዘጋ እፎይ ይላል፤ ስንዴው ሲያሸት ደስ ይለዋል። ልክ በዚያን ጊዜ ፊልሙ ይዞራል። በዓለም የንግድ ውድቀት ምክንያት የእህል ዋጋ እንዳይወርድ ተብሎ ሕዝብ እየተራበ ስንዴው ወደ ባሕር ሲጣል ይታያል። አይስለር በዚህ ስፍራ ሙሾ አላወረደም። የሚያሾፍ፣ የሚነክስ ዘፈን አሰማ። ከባሕር መሬት ያወጣው ሰው እህሉ ተመልሶ ወደ ባሕር ሲገባ ያያል። ከዚህ በላይ ማልቀስ ምን ይጨምራል?

የሰውየውን ጉድለት ግን መሸሸግ አይገባንም። ከዚያ ጥቂት ቀደም ብሎ፣ በ1932፣ አይስለር ከኢቨንስ ጋር «የጀግኖች መዝሙር» ለተባለው ፊልም ሠርቷል። ፊልሙ በሶቪየት ኅብረት የማግኒቶጎርስክ የብረት ፋብሪካ ሲሠራ የሚያሳይ ነው። አይስለር ድምፁንና የሠራተኞቹን ዘፈን ለመስማት እቦታው ድረስ ሄዷል፤ ትጋቱ የሚያስመሰግን ነው። ነገር ግን ያን ከተማ ከገነቡት መካከል ከመሬታቸው ተነቅለው በግድ የመጡ ብዙ ሺህ ገበሬዎች ነበሩ። ፊልሙ የሚያወድሰው የፈቃደኞቹን ወጣቶች ጀግንነት ነው፤ የተገደዱትን ግን አይሰማቸውም። ስለዚህ ዜማ በለቅሶ ብቻ ሳይሆን በዕልልታም እውነትን ሊሸፍን ይችላል። እኛ በዋሽንት የሠራነውን ስሕተት አይስለር በነሐስ መለከት ሠርቶት ነበር ብንል ከእውነት አንርቅም።

ናዚዎች ጀርመንን ሲይዙ አይስለር ተሰደደ። ከአገር ወደ አገር ከተንከራተተ በኋላ በ1938 አሜሪካ ገባ። በ1939 ኢቨንስ በጃፓን ስለተወረረችው ቻይና ለሠራው «400 ሚሊዮን» ለተባለው ፊልም ዜማ ደረሰ። በ1940 ደግሞ በኒው ዮርክ የነበረ ፍሮንቲየር ፊልምስ የተባለ ነጻ የዘጋቢ ፊልም ሠሪዎች ቡድን ስለ በረዶ ግግር ላዘጋጀው ፊልም ሙዚቃ ጻፈ። በዚያው ዓመት የሮክፌለር ድርጅት ስለ ፊልም ሙዚቃ ምርምር እንዲያደርግ 20,000 ዶላር ያህል ፈቀደለት።

ከምርምሩ ፍሬዎች አንዱ ለእኛ እንደ መማሪያ መጽሐፍ ነው። ኢቨንስ በ1929 «ዝናብ» የተባለ 12 ደቂቃ ያህል የሚፈጅ ድምፅ አልባ ፊልም ሠርቶ ነበር። በአምስተርዳም ከተማ ሰማዩ ሲጠቁር፣ ጠብታው ቦዩ ላይ ሲወድቅ፣ ጃንጥላዎች ሲዘረጉ፣ በመጨረሻም ሲያባራ ይታያል፤ ሌላ ታሪክ የለውም። አይስለር በ1941 ለዚህ ፊልም ዋሽንት መሰሉን ፍሉት፣ ክላሪኔት፣ ቫዮሊን፣ ቼሎና ፒያኖ ለሚጫወቱ አምስት ሰዎች ሙዚቃ ደረሰ፤ ስሙንም «ዝናብን መግለጫ 14 መንገዶች» አለው። አንዳንዱ ክፍል ጠብታውን ያስመስላል፤ አንዳንዱ ከሥዕሉ ይርቃል፤ አንዳንዱም ይቃረነዋል። በኋላም ለሾንበርግ 70ኛ ዓመት የልደት በዓል መታሰቢያ አደረገው። በሽምግልናው ስለዚህ ሥራ ሲናገር፣ ነገሩ ስለ ዝናብ ብቻ እንዳልሆነ፣ ሰው ክብሩን ሳይጥል የሚያዝንባቸው 14 መንገዶች ማለት እንደሆነ ገልጿል። ልብ በሉ፤ ይህን የጻፈው አገሩን አጥቶ በስደት ሳለ ነው። እኛ ለእማማ ያገኘንላቸው አንድ መንገድ ብቻ ነበር፤ እርሱም ክብር የጎደለው ነበር።

የምርምሩ ውጤት በ1947 በመጽሐፍ ታተመ። መጽሐፉን አብሮት የጻፈው ፈላስፋው ቴዎዶር አዶርኖ ሲሆን፣ በጊዜው በነበረው የፖለቲካ ችግር ምክንያት ስሙን ከሽፋኑ አስቀረ። መጽሐፉ የሚነቅፈው በሲኒማ ቤት ልማድ የሆነውን የተዘጋጀ ዜማ ነው። ጨረቃ ስትወጣ የቤትሆቨን የጨረቃ ብርሃን ሶናታ፣ ማዕበል ሲነሣ የታወቀ የማዕበል ሙዚቃ ይመጣል። ተመልካቹም ያየውን መልሶ ይሰማል፤ አዲስ ነገር አያገኝም። እኛም ዘንድ ገጠር ሲታይ ዋሽንት፣ ገዳም ሲታይ በገና፣ ድኻ ሲታይ ትዝታ የሚመጣው በዚሁ ልማድ አይደለምን? ጥፋቱ የዋሽንቱ ወይም የትዝታው አይደለም። ጥፋቱ ሳያዳምጡ መጨመር ነው። ሰምና ወርቅ የሚያውቅ ሕዝብ ይህን ለመረዳት አይቸገርም፤ ሰሙና ወርቁ አንድ ከሆኑ ቅኔ የለም።

በዚያው በ1947 የአሜሪካ ሕግ መምሪያ ምክር ቤት ኮሚቴ አይስለርን ስለ ኮሙኒስትነቱ ለመመርመር ጠራው። አሮን ኮፕላንድና ሌናርድ በርንስታይንን የመሳሰሉ ታላላቅ ሙዚቀኞች የእርሱን ሥራዎች የሚያሰማ ኮንሰርት በማዘጋጀት ረዱት፤ ሆኖም በመጋቢት 1948 ከአገር ለመውጣት ተገደደ። በኋላ በምሥራቅ በርሊን ተቀመጠ፤ እስከ 1990 ድረስ ለቆየችው ለምሥራቅ ጀርመን መንግሥት የብሔራዊ መዝሙሯን ዜማ የደረሰው እርሱ ነው። እዚያም ቢሆን ዕረፍት አላገኘም፤ ስለ ዮሐን ፋውስት የጻፈው የኦፔራ ድርሰት በ1953 በመንግሥቱ ወገኖች ክፉኛ ስለተነቀፈ ሙዚቃውን ሳይፈጽመው ቀረ።

ዛሬ የምታዩት ፊልም የተሠራው ከዚህ በኋላ ነው። የፈረንሳዩ አዘጋጅ አሌን ሬኔ በ1955 ስለ ናዚ የሞት ካምፖች «ሌሊትና ጉም» የተባለውን ፊልም ሲያዘጋጅ ለዜማው አይስለርን ጠራ። ስሙ የተወሰደው ናዚዎች በ1941 ካወጡት ትእዛዝ ነው፤ በዚያ ትእዛዝ የተያዙ ሰዎች ቤተ ሰባቸው ወሬያቸውን እንኳ ሳይሰማ በምሥጢር ይወሰዱ ነበር። ቃሉን የጻፈው ባለቅኔው ዣን ኬሮል ራሱ ከማውትሃውዘን ካምፕ የተረፈ እስረኛ ነው። ፊልሙ ባለቀለምና ጥቁርና ነጭ ሥዕሎችን ያፈራርቃል። ባለቀለሙ በ1955 የተነሣው ሣር የበቀለበት ባዶው ካምፕ ነው፤ ጥቁርና ነጩ በዚያ ስፍራ የተደረገው ነው።

እዚህ ላይ ጆሮአችሁን አደራ እንላለን። ናዚዎች ሲሰለፉ ታላቅ የጦር ሙዚቃ ትጠብቁ ይሆናል፤ የምትሰሙት ግን በደጋን ሳይሆን በጣት የሚመቱ የአውታር ድምፆችን ነው። ጉልበተኛው ግርማ ይነሣዋል። ሥዕሉ እየከፋ፣ ዓይን ሊያየው የማይችል ሲሆን ደግሞ ሙዚቃው በተቃራኒው እየለዘበ፣ እየቀጠነ ይሄዳል። አይስለር እነዚያን ሬሳዎች በዜማ ሊያስለቅስባቸው አልደፈረም። ድምፁን ዝቅ አድርጎ አጠገባቸው ቆመ። ለቅሶ ቤት ገብቶ ቃል አጥቶ በዝምታ የሚቀመጥ ሰው እንዳለ ሁሉ፣ ይህም ሙዚቃ እንደዚያ ያለ ነው። ዝም ብሎ በመቀመጡም ተመልካቹ ዓይኑን ከሥዕሉ እንዳይነቅል ያደርገዋል።

ፊልሙ የነካቸው ሰዎች ዝም አላሉም። የፈረንሳይ ሳንሱር በአንዱ ሥዕል ላይ የእስር ካምፕ ሲጠብቅ የሚታየው ፈረንሳዊ ጃንደርማ በቆቡ ስለታወቀ ቆቡ እንዲሸፈን አስገደደ። በ1956 ደግሞ የምዕራብ ጀርመን ኤምባሲ ባቀረበው ተቃውሞ ፊልሙ ከካን የፊልም ውድድር እንዲወጣ ተደረገ፤ የታየውም ከውድድር ውጪ ነው። ከፊልሙም ጉድለት አይጠፋም። በካምፖቹ በጅምላ የተፈጁት በብዛት አይሁድ ሆነው ሳሉ፣ በፊልሙ ንባብ ውስጥ አይሁዳዊ የሚለው ቃል የሚሰማው አንድ ጊዜ ብቻ ነው። ይህንንም እያሰባችሁ ተመልከቱ።

አይስለር በ1962 በምሥራቅ በርሊን ሞተ። እኛ ከእርሱ የወሰድነው የፖለቲካውን መንገድ አይደለም፤ በዚያ ላይ እርስ በርሳችንም ብንከራከር አንስማማም። የወሰድነው አንድ የሙያ ሕግ ነው። ዘጋቢ ፊልም ሰውን በእውነተኛ ስሙና በእውነተኛ ፊቱ ያቀርባል። ስለዚህ በዚያ ሰው ላይ የሚጨመር እያንዳንዱ የዜማ ድምፅ ስለ እርሱ የሚሰጥ ምስክርነት ነው። ምስክር ደግሞ ያላየውን አይናገርም።

ስለ እንጦጦዋ ፊልማችን መጨረሻ የምትጠይቁ ትኖራላችሁ። ዋሽንቱን አወጣነው፤ ሣቁና የዋጋው ክርክር ተሰማ። እማማን እንደገና ብናሳያቸው፣ «አሁን እኔን መሰለ» አሉና፣ «መንፋታችሁ ካልቀረ ግን እስቲ ደስ የሚል ንፉ» ብለው ሣቁ። ጓደኛችንም ሸክሙ ቁልቁለቱን በሚወርድበት ስፍራ ብቻ፣ ማንም በማይናገርበት አንድ ደቂቃ ውስጥ፣ እግር የሚያስነሣ ፈጣን ዜማ ነፋ። ጀርባ ጎብጦ፣ ዜማው እየዘለለ ይወርዳል። በግቢያችን ዳግመኛ ስናሳየው ያለቀሰ ሰው አልነበረም። ነገር ግን ፊልሙ እንዳለቀ ከኋላ ወንበር አንዲት ተማሪ ተነሥታ፣ «የአንድ ሸክም ዋጋ ስንት ነው? የሚወስነውስ ማን ነው?» ስትል ጠየቀች። እማማ ከመጀመሪያው የፈለጉት ይህ ጥያቄ እንዲጠየቅ ነበር።

ስለዚህ ለክበባችን አባሎች ሦስት ልማድ እንዲቆምልን እናሳስባለን። አንደኛ፣ ማንኛውም ፊልማችን ዜማ ከመልበሱ በፊት ዓይን ጨፍነን አንድ ጊዜ እናዳምጠው። ሁለተኛ፣ ዜማው ሥዕሉ ያልተናገረውን ምን እንደሚናገር የማያስረዳ ሰው ዜማ አይጨምር። ሦስተኛ፣ ፊልሙ ለተመልካች ከመቅረቡ በፊት ለባለጉዳዮቹ ይታይ፤ «ማን ሞቶ ነው?» የሚል ጥያቄ ከመጣ ወደ ሥራችን እንመለስ።

አሁን በሩ አጠገብ ያላችሁ ወንድሞች መብራቱን እንድታጠፉልን እንለምናለን።